የ400,000 ዶላር ቤት በስንት ይዘለቃል? የሞርጌጅን ሙሉ ዋጋ ደረጃ በደረጃ ማስላት

አሜሪካ ውስጥ ቤት ልግዛ ብሎ የተነሳ ሰው ገና ከመጀመሪያው «በወር ስንት ትችላላችሁ?» ተብሎ ይጠየቃል። ጥያቄው ቅን ይመስላል፤ ግን ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ወሬው ሁሉ በወር ሂሳብ ይሆናል። ወለዱ በግማሽ ፐርሰንት ቢጨምር «ልዩነቱ እኮ በወር 117 ዶላር ነው» ይባላል። 117 ዶላር ሰላሳ ዓመት ሲከፈል ግን ከ42,000 ዶላር በላይ ነው። ይህ መመሪያ ወርሃዊውን ቁጥር ወደ ጎን አድርጎ ሁለት ነገር ያሰላል፦ ብድሩ እስከ መጨረሻው ቢከፈል ጠቅላላው ስንት እንደሚሆን፣ እና በቤቱ በምትኖሩባቸው ዓመታት ብቻ ስንት እንደሚያስወጣችሁ። ሁለተኛው ከመጀመሪያው የበለጠ ጠቃሚ ነው፤ ብዙ ሰው ግን አንዱንም ሳያይ ይፈርማል።

ምሳሌያችን ሜሪላንድ ውስጥ የሚገኝ የ400,000 ዶላር ታውን ሀውስ (ግድግዳው ከጎረቤት ጋር የተያያዘ ቤት) ነው። ዳውን ፔይመንቱ፣ ማለትም ሲገዛ ከኪስ የሚከፈለው፣ 10% ወይም 40,000 ዶላር ነው። ብድሩ 360,000፣ ወለዱ 6.5%፣ ዘመኑ 30 ዓመት፣ ዓይነቱ ፊክስድ፣ ማለትም ወለዱ እስከ መጨረሻው የማይለወጥ። የእናንተ ቁጥር ሌላ ቢሆንም አካሄዱ ያው ነው። የሚያስፈልገው ስልክ ላይ ያለው ካልኩሌተር ብቻ ነው።

1ኛ ደረጃ፦ የብድሩን ጥሬ ክፍያ አግኙ

ለእያንዳንዱ 100,000 ዶላር የ30 ዓመት ፊክስድ ብድር ወርሃዊው ክፍያ ይህን ይመስላል፦

በ5.5% — 567.79 ዶላር
በ6% — 599.55 ዶላር
በ6.5% — 632.07 ዶላር
በ7% — 665.30 ዶላር
በ7.5% — 699.21 ዶላር

ብድራችን 360,000 ስለሆነ 632.07ን በ3.6 አባዙት፤ 2,275 ዶላር ከ44 ሳንቲም ገደማ ይመጣል። ይህ ዋናውን ብድርና ወለዱን ብቻ የያዘ ክፍያ ነው። በ360 ወር ሲባዛ 819,158 ዶላር ይሆናል። የተበደራችሁትን 360,000 ቀንሱለት፤ የቀረው 459,158 ዶላር ንጹህ ወለድ ነው። ከቤቱ ዋጋ ይበልጣል።

እዚህ ላይ ደንግጦ ወረቀቱን የሚያጥፍ ሰው አይጠፋም። ቆዩ፤ ይህ ቁጥር ብቻውን ውሳኔ አይሰጥም። የዛሬ 2,275 ዶላርና የዛሬ ሰላሳ ዓመት 2,275 ዶላር እኩል አይደሉም። ከ1994 እስከ 2024 እ.ኤ.አ. ባለው ጊዜ የአሜሪካ የኑሮ ውድነት መለኪያ ከእጥፍ በላይ ጨምሯል። ፊክስድ ብድር የያዘ ሰው ግን ክፍያው ባለበት ይቆማል፤ ኪራይ እንዲህ አይቆምም። ስለዚህ 459,158ን አማራጮችን ለማወዳደሪያ ተጠቀሙበት እንጂ ለማስፈራሪያ አታድርጉት።

2ኛ ደረጃ፦ እያንዳንዷ ክፍያ የት እንደምትገባ ተመልከቱ

«ባንክ መጀመሪያ ወለዱን ነው የሚወስደው» የሚባለውን ሁላችንም ሰምተናል። ውጤቱን ለሚያይ ሰው እውነት ይመስላል፤ ምክንያቱ ግን ሌላ ነው። ባንኩ በየወሩ ወለድ የሚያስበው በዚያ ወር ባለው ቀሪ ዕዳ ላይ ነው። ስሌቱ ቀላል ነው፦ ቀሪ ዕዳ ሲባዛ በወለዱ፣ ሲካፈል ለ12። በመጀመሪያው ወር 360,000 ሲባዛ በ0.065፣ ሲካፈል ለ12፣ ልክ 1,950 ዶላር ነው። ከ2,275ቱ ውስጥ ዕዳ የቀነሰው 325 ዶላር ብቻ ሆነ ማለት ነው። ዕዳው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ሆነ እንጂ አስቀድሞ የተቆረጠ ነገር የለም። ልዩነቱ የቃላት ጨዋታ አይደለም። ወለዱ አስቀድሞ የሚቆረጥ ቢሆን ኖሮ ዕዳን ቶሎ መክፈል ምንም አያተርፍም ነበር፤ አሁን ግን በጣም ያተርፋል። ወደ 7ኛው ደረጃ ስንደርስ እናየዋለን።

በዚሁ መንገድ ብንቀጥል፣ ከ5 ዓመት በኋላ በድምሩ 136,526 ዶላር ከፍላችሁ ዕዳው ወደ 337,000 ገደማ ብቻ ይወርዳል። 113,500 ያህሉ ወለድ ሆኖ ሄዷል። በ10 ዓመት ቀሪው 305,000 ገደማ ነው። ዕዳ የሚቀንሰው ድርሻ ወለዱን የሚበልጠው 19 ዓመት ከ5 ወር ላይ ነው። ግማሹ ዕዳ፣ ማለትም 180,000 ዶላር፣ የሚያልቀው ደግሞ ከ21 ዓመት በኋላ ነው። «አስር ዓመት ከፈልኩ፣ ሲሶው አለቀልኝ» ብሎ የሚያስብ ሰው ካለ ስቴትመንቱን አውጥቶ ይይ።

የ15 ዓመቱ ብድር ለምን እንደሚወደድም ከዚህ ይገባችኋል። ወለዱ አብዛኛውን ጊዜ ከ30 ዓመቱ ያነሰ ነው። 5.75% ብንለው ወርሃዊው ወደ 2,989 ዶላር ይወጣል፤ ጠቅላላው ወለድ ግን 178,000 ገደማ ነው። በወር 714 ዶላር ጨምራችሁ በመጨረሻ 281,000 ታተርፋላችሁ። ሥራው የማያስተማምን፣ ወይም በኡበርና በመሳሰሉት ገቢው ከፍ ዝቅ የሚል ሰው ግን ይህን ግዴታ ከመግባቱ በፊት ደጋግሞ ያስብ። የ30 ዓመቱን ወስዶ በቻለበት ወር መጨመር ይሻለዋል ባይ ነኝ።

3ኛ ደረጃ፦ ከብድሩ ውጭ ያለውን ደምሩ

የቤት ዋጋ ላይ ሰው የሚሳሳተው በአብዛኛው እዚህ ነው፤ ረጋ ብለን እንየው።

የንብረት ታክስ። በምሳሌያችን በዓመት 1.1% ብለን 4,400 ዶላር፣ በወር 367 ዶላር እንያዝ። ይህ ብድሩ ቢያልቅም አያልቅም። ሜሪላንድ የቤትን ዋጋ የምትገምተው በሦስት ዓመት አንዴ ሲሆን፣ ቨርጂኒያ ውስጥ ፌርፋክስ ካውንቲ በየዓመቱ ይገምታል። አንድ ወጥመድ አለ፦ ማስታወቂያው ላይ የምታዩት ታክስ የሻጩ ታክስ ነው። ሜሪላንድ ውስጥ ለራሱ መኖሪያ የያዘ ሰው በሆምስቴድ ታክስ ክሬዲት አማካይነት ታክስ የሚጣልበት ዋጋ በዓመት ከተወሰነ ፐርሰንት በላይ እንዳያድግ ይጠበቃል። ሻጩ ለብዙ ዓመታት የተጠበቀለት ቅናሽ ለገዢው አይተላለፍም። ስለዚህ በሻጩ ታክስ አትተማመኑ፤ የካውንቲውን ተመን ይዛችሁ በገዛችሁበት ዋጋ አባዙት። ከገባችሁ በኋላ ደግሞ የሆምስቴዱን ማመልከቻ ሙሉ፤ የሚሞላው አንዴ ነው፣ ራሱ ግን አይመጣም።

የቤት ኢንሹራንስ። በዓመት 1,500፣ በወር 125 እንበል። ታክሱና ኢንሹራንሱ አብዛኛውን ጊዜ ኤስክሮ በሚባል ሂሳብ ከሞርጌጁ ጋር አብረው ይሰበሰባሉ። «ፊክስድ ብለውኝ ለምን ጨመረብኝ?» የሚለው ጥያቄ መልሱ ያለው እዚህ ነው። ፊክስድ የተባለው ወለዱ ነው። ኤስክሮው በየዓመቱ ይመረመራል፤ ታክሱ ወይም ኢንሹራንሱ ካደገ የጎደለው ተጨምሮ ይመጣል።

ፒ ኤም አይ። ዳውን ፔይመንታችሁ ከ20% ካነሰ የምትከፍሉት ኢንሹራንስ ነው፤ የሚከላከለው ግን አበዳሪውን እንጂ እናንተን አይደለም። ዋጋው እንደ ክሬዲታችሁ (የብድር አከፋፈል ታሪካችሁ) ይለያያል። በዓመት 0.5% ብንለው በወር 150 ዶላር ነው። በ1998 የወጣው የፌዴራል ሕግ፣ ዕዳው ቤቱ በተገዛበት ዋጋ ሲሰላ 80% ላይ ሲደርስ ይነሳልኝ ብላችሁ እንድትጠይቁ መብት ይሰጣችኋል፤ ዝም ካላችሁ ደግሞ በክፍያ ሰሌዳው 78% ላይ ሲደርስ ራሱ ይነሳል። በምሳሌያችን 80% የሚደርሰው በ95ኛው ወር፣ 78% ደግሞ በ109ኛው ወር ነው። መሃል ያሉት 14 ወራት የዝምታ ዋጋ 2,100 ዶላር ነው። ቀኑን ከአሁኑ ስልካችሁ ላይ መዝግቡት፤ ጥያቄውም በጽሑፍ ይሁን።

ኤፍ ኤች ኤ (የፌዴራል መንግሥት ዋስትና ያለው) ብድር ከወሰዳችሁ ሂሳቡ ሌላ ነው። በ3.5% ዳውን ፔይመንት ቤት ያስገኛል፤ አዲስ ለመጣ ብዙ ቤተሰብ በሩን የከፈተውም እሱ ነው። ነገር ግን ሲጀመር የብድሩ 1.75% ኢንሹራንስ ይጫናል፤ ያም አብዛኛውን ጊዜ ከዕዳው ጋር ይደመርና ወለድ ይታሰብበታል። ከዚያ በላይ በየዓመቱ 0.55% ገደማ አለ። ዳውን ፔይመንቱ ከ10% ካነሰ ይህ ዓመታዊ ክፍያ ብድሩ እስኪያልቅ አይነሳም። መውጫው ቤቱን መሸጥ ወይም ወደ መደበኛ ብድር ሪፋይናንስ ማድረግ፣ ማለትም አሮጌውን ብድር በአዲስ መተካት ነው።

ኤች ኦ ኤ። ለቤት ባለቤቶች ማኅበር የሚከፈል መዋጮ ነው፤ ታውን ሀውስና ኮንዶ (በሕንጻ ውስጥ ያለ አፓርታማ) ላይ አብዛኛውን ጊዜ አይቀርም። 150 እንበለው፤ ኮንዶ ላይ ከዚህ ብዙ ሊበልጥ ይችላል። ከመፈረማችሁ በፊት የማኅበሩን በጀትና የመጠባበቂያ ገንዘቡን መጠን ጠይቁ። መጠባበቂያው ባዶ ከሆነ ጣሪያው ወይም አሳንሰሩ ሲበላሽ ለየቤቱ ተከፋፍሎ ይመጣል።

ጥገና። በዓመት የቤቱን ዋጋ 1% መያዝ የተለመደ መነሻ ነው፤ ለእኛ 4,000 ዶላር። ዓመቱን ሙሉ ምንም ሳይበላሽ ያልፍና አንድ ክረምት ማሞቂያው፣ የውሃ ቦይለሩና ጣሪያው ተከታትለው ይመጣሉ።

ሲደመር በወር፦ ብድሩ 2,275፣ ታክስ 367፣ ኢንሹራንስ 125፣ ፒ ኤም አይ 150፣ ኤች ኦ ኤ 150፣ ጥገና 333። ድምሩ 3,400 ዶላር ነው። «በወር 2,275» ተብሎ የተጀመረው ቤት ማለት ነው።

መዝጊያው (የግዢው ውል ተፈርሞ የሚጠናቀቅበት ቀን) ላይ የሚከፈለውም አለ፦ የአበዳሪው ክፍያ፣ የቤት ግምት፣ የታይትል (የባለቤትነት መብት) ፍተሻና ኢንሹራንስ፣ የማስተላለፊያና የምዝገባ ታክስ። ከብድሩ ከ2 እስከ 5% ይደርሳል የሚባለው መነሻ ነው። እኛ 12,000 እንያዝ። ታክሱና ኢንሹራንሱ ለሰላሳ ዓመት አንድ ሳንቲም ባይጨምር እንኳ፣ ዳውን ፔይመንቱን ጨምሮ ጠቅላላው ወደ 1,236,000 ዶላር ይደርሳል።

4ኛ ደረጃ፦ ሎን ኤስቲሜቱን ከመጨረሻው ገጽ ጀምራችሁ አንብቡ

አበዳሪው ማመልከቻችሁን በተቀበለ በሦስት የሥራ ቀን ውስጥ ሎን ኤስቲሜት የሚባል ባለ ሦስት ገጽ ወረቀት የመስጠት ግዴታ አለበት። ቅጹ በሁሉም አበዳሪ ዘንድ አንድ ዓይነት ነው፤ ለማወዳደር እንዲመች ተብሎ የተሠራ ነው። ሰው የሚያየው አንደኛውን ገጽ ነው። እናንተ ሦስተኛውን ግለጡ። እዚያ «በ5 ዓመት ውስጥ» የሚል ሳጥን አለ፤ ሁለት ቁጥር ይዟል፦ በአምስት ዓመት የምትከፍሉት ጠቅላላ፣ እና ከዚያ ውስጥ ዕዳ የሚቀንሰው። ሁለተኛውን ከመጀመሪያው ቀንሱ። የቀረው ያ ብድር ለአምስት ዓመት የሚያስከፍላችሁ ንጹህ ዋጋ ነው። ይህን ቁጥር ከሦስት አበዳሪ ወስዳችሁ ጎን ለጎን ስታስቀምጡ፣ አንዱ ወለድ ቀንሶ ክፍያ የሚያበዛ፣ ሌላው ተቃራኒውን የሚያደርግ ቢሆንም አሸናፊው ይታያል። ማወዳደሩ የሚታመነው ግን የብድሩ መጠን፣ ዓይነቱና ወለዱ የተያዘበት ቀን ተመሳሳይ ሲሆን ነው።

እዚያው አጠገቡ ጠቅላላ ወለዱ ከብድሩ ስንት ፐርሰንት እንደሆነ የሚናገር መስመር አለ። ለእኛ ምሳሌ 127.5 ገደማ ይላል። የተበደራችሁት እያንዳንዱ ዶላር አንድ ዶላር ከ27 ሳንቲም ወለድ ይዞ ይመጣል ማለት ነው።

ሁለተኛው ገጽ ላይ በ«A» ቦታ ያለው የአበዳሪው የራሱ ክፍያ ነው፤ የምትደራደሩት በዚህ ነው። ፖይንት የሚባለውም እዚህ ይገኛል። አንድ ፖይንት የብድሩ 1% ነው፤ ለእኛ 3,600 ዶላር። በምላሹ ወለዱ ከ6.5 ወደ 6.25% ቢወርድ በወር 59 ዶላር ያህል ይቀንሳል። 3,600 ሲካፈል ለ59፣ 61 ወር ነው። ከአምስት ዓመት በፊት ከሸጣችሁ ወይም ሪፋይናንስ ካደረጋችሁ ፖይንቱ ኪሳራ ነው።

ብዙ ቦታ መጠየቅ ክሬዲት ይጎዳል ብላችሁ አትስጉ። በ14 ቀን ውስጥ የተደረጉ የሞርጌጅ ፍተሻዎች እንደ አንድ ይቆጠራሉ።

5ኛ ደረጃ፦ በምትኖሩበት ዓመት ልክ አስሉ

አሁን ወደ ዋናው ነገር መጣን። ልጆች ሲያድጉ ሰፋ ያለ ቤት መፈለግ፣ የሥራ ዝውውር፣ ወደ አገር ቤት የመመለስ ሐሳብ፤ ሰላሳ ዓመት አንድ ቤት የሚቀመጥ ሰው ጥቂት ነው። ስለዚህ «አምስት ዓመት ብቻ ብንቆይስ?» ብላችሁ ጠይቁ።

የማይመለሰውን ብቻ ደምሩ፦ ወለድ 113,500፣ ፒ ኤም አይ 9,000፣ ታክስ 22,000፣ ኢንሹራንስ 7,500፣ ኤች ኦ ኤ 9,000፣ ጥገና 20,000፣ መዝጊያ 12,000። ድምር 193,000 ዶላር። ዋናው ብድር ላይ የከፈላችሁት 23,000 እዚህ ውስጥ የለም፤ እሱ ስትሸጡ ይመለሳል። ቤቱ በየዓመቱ 3% ቢያድግ ዋጋው 463,700 ገደማ ይሆናል፤ ትርፉ 63,700 ነው። ስትሸጡ ለኤጀንትና ለታክስ 6% ብንይዝ 27,800 ይሄዳል። የማይመለሰው ላይ የመሸጫውን ጨምሩና ትርፉን ቀንሱ፤ 157,000 ይቀራል። ለ60 ወር ሲካፈል በወር 2,620 ዶላር ገደማ ነው።

ይህ የቤቱ እውነተኛ ወርሃዊ ዋጋ ነው፤ ከኪራይ ጋር የሚነጻጸረውም እሱ ነው። ያንኑ የመሰለ ታውን ሀውስ በ2,300 የሚከራይ ከሆነ ለአምስት ዓመት ብሎ መግዛት አያዋጣም። በ3,000 የሚከራይ ከሆነ ያዋጣል። ቤቱ ምንም ባያድግስ ብላችሁም ሞክሩ፦ 193,000 ሲደመር መሸጫው 24,000፣ ሲካፈል ለ60፣ በወር 3,617 ዶላር። «ኪራይ ገንዘብ መጣል ነው» ለሚል ዘመድ ይህን ስሌት አሳዩት። ወለድም፣ ታክስም፣ ፒ ኤም አይም የማይመለስ ገንዘብ ነው።

6ኛ ደረጃ፦ የታክስ ቅናሹን በልኩ ያዙት

የሞርጌጅ ወለድ ከታክስ ይቀነሳል መባሉ እውነት ነው፤ ግን ወጪዎቻችሁን ዘርዝራችሁ ስትሞሉ ብቻ ነው። በ2025 ባልና ሚስት አብረው ሲሞሉ ማንም ሳይጠይቃቸው የሚቀነስላቸው 31,500 ዶላር ነበር። በምሳሌያችን የመጀመሪያው ዓመት ወለድ 23,281፣ የንብረት ታክስ 4,400 ነው፤ ድምሩ ገና 27,681። የስቴት ታክስና የቤተ ክርስቲያን ወይም የመስጊድ መዋጮ ተጨምሮበት 31,500ን ቢያልፍ እንኳ ጥቅሙ ያለው ባለፈው ላይ ብቻ ነው። ስለዚህ «ወለዱን መንግሥት ይመልስልሃል» የሚለውን ከሂሳባችሁ አውጡት።

7ኛ ደረጃ፦ ዕዳውን ቀድማችሁ ምቱ

መጀመሪያ ሎን ኤስቲሜቱ አንደኛ ገጽ ላይ ቀድሞ መክፈል ቅጣት እንደሌለው አረጋግጡ። ከዚያ በወር 200 ዶላር ብትጨምሩ ብድሩ በ30 ዓመት ፋንታ በ23 ዓመት ከ11 ወር ያልቃል፤ ወለዱም በ109,000 ዶላር ገደማ ይቀንሳል።

እቁብ ለሚጥሉ ደግሞ የተሻለ ነገር አለ። በመጀመሪያው ዓመት መጨረሻ እቁብ ወጥቶላችሁ 10,000 ዶላር በአንዴ ዕዳው ላይ ብትጥሉ፣ ወርሃዊው ሳይቀየር ብድሩ በ27 ወር ገደማ ያጥራል። የሚተርፈው ወለድ 51,000 ዶላር ገደማ ነው። ያው 10,000 በ20ኛው ዓመት ቢጣል ትርፉ የዚህን ሩብ እንኳ አይደርስም። ስትከፍሉ «ለዋናው ብድር ብቻ» የሚለውን መምረጥ አትርሱ፤ ካልመረጣችሁ ለሚቀጥለው ወር ቅድመ ክፍያ አድርገው ሊይዙት ይችላሉ። በሚቀጥለው ስቴትመንት ላይ ቀሪው መውረዱን እዩ። በ20% ወለድ የክሬዲት ካርድ ዕዳ ያለበት ሰው ግን መጀመሪያ እሱን ይጨርስ።

እቁቡን ለዳውን ፔይመንት ልትጠቀሙበት ካሰባችሁ ከማመልከታችሁ ከሁለት ወር በላይ ቀድሞ ባንክ ይግባ። አበዳሪዎች የመጨረሻዎቹን ሁለት ወራት ስቴትመንት ያያሉ፤ ከየት እንደመጣ ለማይታወቅ ትልቅ ገንዘብ ማስረጃ ይጠይቃሉ፣ እቁብ ምን እንደሆነ ማስረዳትም ቀላል አይደለም።

8ኛ ደረጃ፦ ሪፋይናንስ ሲመጣ ሰዓቱን ተጠንቀቁ

አምስት ዓመት ከፍላችሁ ዕዳው 337,000 ላይ ሳለ ወለድ ወደ 6% ወረደ እንበል። ስልክ ይደወላል፦ «በወር 255 ዶላር እንቀንስላችሁ»። እውነት ነው፤ አዲሱ የ30 ዓመት ክፍያ 2,020 ይሆናል። ግን በአሮጌው ብድር የቀረባችሁ 300 ወር ነበር፤ ድምሩ 682,600 ዶላር። በአዲሱ 360 ወር ሲባዛ በ2,020፣ 727,400 ገደማ ነው። ወለዱ ወርዶ፣ ወርሃዊው ቀንሶ፣ በጠቅላላው 44,700 ዶላር ጨመራችሁ፤ የመዝጊያው ወጪ ገና አልተቆጠረም።

በዚያው 6% ዕዳውን በቀሩት 25 ዓመታት ብትከፍሉት ግን ወርሃዊው 2,171 ይሆናል፤ በጠቅላላው ከአሮጌው በ31,000 ዶላር ገደማ ይቀንሳል። አበዳሪው የ25 ዓመት ውል አልሰጥም ካለ የ30 ዓመቱን ፈርሙና 2,171ን ራሳችሁ በየወሩ ክፈሉ፤ ትርፉን «ለዋናው ብድር ብቻ» እያላችሁ። ከዚያ የመዝጊያውን ወጪ ከ31,000ው ላይ ቀንሱ። የቀረው በቂ ካልመሰላችሁ አሮጌውን ብድር ይዛችሁ ቆዩ።